የዓረፍተ ነገሩ ባለቤት

ለመሆኑ የሰላሳ ሁለት ዓመት ሚስቱ ስም የጠፋበት ባል አይታችሁ ታውቃላችሁ? ጥያቄው አእምሮው ስለደከመ፣ ልጁን በእህቱ ስም ስለሚጠራ ሽማግሌ አይደለም፤ እንዲህ ያለውስ ምስኪን ነው፣ ይታዘንለታል። ጥያቄው ስለ ጤነኛ ሰው ነው። ከመቶ ዓመት በፊት የሞቱ ኢኮኖሚስቶችን ከነአያታቸው ስም፣ ከነትውልድ መንደራቸው፣ ከነተጣሉት ጎረቤታቸው በቃሉ ስለሚዘረዝር ሰው ነው። ይህ ሰው ቅዳሜ ጠዋት ሳሎኑ ውስጥ ሶፋው ላይ እግሩን አጣምሮ ለአንዲት የሬዲዮ ጋዜጠኛ በስልክ ቃለ ምልልስ ይሰጥ ነበር። ሚስቱ ደግሞ ከበሩ ወዲህ፣ ኮሪደሩ ላይ፣ ከወለሉ ተቀምጣ ዩኒቨርሲቲው ለከሰዓቱ የክብር በዓሉ ያዋሰውን ካባ ጠርዝ ታሳጥራለች። ካባው ለረጅም ሰው የተሰፋ ነው፤ እሱ ደግሞ በቁመቱ ነገር ማንም እንዲያነሳበት አይወድም። ስልኩን ድምፅ ማጉያው ላይ አድርጎት ስለነበር የጋዜጠኛዋም ጥያቄ ጥርት ብሎ ይሰማል። ጋዜጠኛዋ ዋናው መጽሐፉ የተጻፈለት ሟች ኢኮኖሚስት የእጅ ጽሑፍ የማይነበብ እንደነበር ሰምታ ኖሮ፣ ያን ሁሉ ደብተር ማን አነበበልዎት ስትል ጠየቀችው።  ኮሪደሩ ላይ መርፌው ቆመ።

«ብቻዬን ነው የሠራሁት» አለ። «መቼም አንዲት የማተሚያ ቤት ልጅ ነበረች፤ ታይፕ ትመታልኝ ነበር። ድሮ ነው፤ ስሟም ጠፍቶኛል።»

መርፌው ጣቷን አልወጋትም። ሰላሳ አምስት ዓመት በእርማት ሥራ የኖረ እጅ በሰማው ሁሉ አይደነግጥም። ክሩን ቋጠረችና በጥርሷ በጠሰችው። ቃለ ምልልሱ አልቆ ሲወጣ ኮሪደሩ ላይ አያት፤ ለአፍታ ቆመ። ዓይኑ መጀመሪያ ወደ ካባው ሄደ፣ ከዚያ ወደ እሷ፣ ከዚያ ተመልሶ ወደ ካባው። «ለሬዲዮ ነው እንግዲህ» አላት፤ «ረጅም ታሪክ አይወዱም።» ቀጥሎም ካባው ደርሶ እንደሆነ ጠየቀና መልሱን ሳይጠብቅ ፊቱን ሊላጭ ገባ። እሷም የተሰፋውን አጥፋ ወንበር ላይ አኖረችና ዘንቢሏን አንጠልጥላ ወጣች፤ ለምሳ የሚሆን ሽንኩርት አልነበረም።

የሰውየው ሥራ ስለ ኢኮኖሚስቶች መጻፍ ነው። ኢኮኖሚስቱ ስለ ድንች ይጽፋል፤ ፕሮፌሰሩ ስለ ኢኮኖሚስቱ ይጽፋል፤ ተማሪዎቹ ስለ ፕሮፌሰሩ ይጽፋሉ፤ ድንቹን የሚልጠው ሰው ግን ከነጭራሹ ጽሑፉ ውስጥ አይገባም። በወጣትነቱ ሁለት የሞቱ ኢኮኖሚስቶችን በሐሳብ አስታረቀ ተባለና ረዳት ፕሮፌሰር ሆነ፤ ሰዎቹ በሕይወት ሳሉ ተያይተው አያውቁም፣ የተጣሉበትም ነገር የለም። ጥቂት ቆይቶ ሦስተኛ ሟች አመጣና ከሁለቱ ጋር አጣላው፤ ተባባሪ ፕሮፌሰር አሉት። አንድ ጉባኤ ላይ ያነበበውን ወረቀት ርዕሱን ገልብጦ ሌላ ጉባኤ ላይ ያነባል፤ ሦስተኛው ጉባኤ ላይ ደግሞ ሁለቱን ያወዳድራል። ስለ ዋጋ አመጣጥ ሲናገር አዳራሽ ጸጥ ይላል፤ አንድ ኪሎ ሽንኩርት ስንት እንደገባ ብትጠይቁት ግን ወደ ሚስቱ ነው የሚዞረው።

ሽንኩርት ሰባ አምስት ገብቷል። ባለፈው ሳምንት ስልሳ ነበር። ሽንኩርት ሻጯ ሚዛኑ አጠገብ ትንሽ ሬዲዮ አስቀምጣ ትውላለችና አራሚዋን ገና ከሩቅ ስታያት ፈገግታዋ ከጆሮ እስከ ጆሮ ደረሰ። ባልሽን በቀጥታ ሰማነው፣ አፉ እንዴት ያለ ነው አለቻት። ድንቹን እያገላበጠች፣ የበሰበሰውን ወዲያ እያደረገች፣ ድምጿን ዝቅ አደረገች።

«እኔ የምልሽ፣ ያቺ ታይፕ የምትመታው ማናት?»

«ምኗን ፈለግሽው?»

«ኧረ ጠርጥሪ እህቴ። ወንድ ልጅ የሴት ስም ጠፋኝ ካለ ልቡ ውስጥ ደብቋታል ማለት ነው። የእኔው ሟች ባል የመጀመሪያ ሚስቱን ስም ጠፍቶኛል እያለ ኖሮ፣ በትኩሳቱ ሰዓት ማንን ሲጠራ አደረ መሰለሽ?»

አራሚዋ ሳታስበው ሳቀች። ሳቁ ከሆዷ ነው የመጣው፤ ድንች መራጮቹ ሁሉ ዞር ብለው እስኪያዩአት ድረስ። በገዛ ራሷ ልትቀና! ሻጯም ደስ ብሏት አንድ ራስ ሽንኩርት ጨመረችላት። መንገድ ላይ ግን ሳቁ እየቀዘቀዘ ሄደ፤ ሦስተኛ ፎቅ ድረስ ደረጃውን ስትወጣ አንድም አልቀረላት።

ነገሩ እንዲህ ነበር። ፕሮፌሰሩን ሙሉ ፕሮፌሰር ያደረገው በአንድ የዋጋ ጥናት ቢሮ ዕድሜውን ጨርሶ፣ ሦስት ወፍራም ደብተር ጽፎ፣ አንዱንም ሳያሳትም የሞተ ሰው ነው። ቢሮው ውስጥ በቁሙ «ጸሐፊው» ይሉት ነበር፤ ከሞተ በኋላ ፕሮፌሰሩ «ሊቁ» አለውና ስሙ በዚያው ጸና። የሊቁ እጅ ጽሑፍ ዶሮ የጫረው ይመስላል። ያኔ አራሚዋ በአንድ ማተሚያ ቤት ትሠራ ነበር፤ አንዲት ስህተት አታልፋትምና ባልደረቦቿ «አራት ነጥብ» ይሏት ነበር፤ እሷ ጋ ሲደረስ ሁሉም ነገር ይቆማላ። ደብተሮቹን ከሥራ መልስ፣ የወጥ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ፣ ስምንት ወር ሙሉ ለባሏ አነበበችለት። የእጁን ምስጢር የፈታችው በሦስተኛው ሳምንት ነው። በ ጣሪያዋ ጠፍጣፋ ነው፤ ሰ ደግሞ ሾል ያለች ናት። ሊቁ ሲቸኩል ሰን ማሾል ይረሳና ጠፍጣፋ ጣሪያ ያለብሳታል። «በኞ ዕለት በላሳ በው ተጠየቀ» የሚል መስመር ላይ ተክዛ ከቆየች በኋላ ነው ብድግ ብላ ብቻዋን ያጨበጨበችው። ሰኞ ዕለት ሰላሳ ሰው ተጠየቀ! ከዚያ ወዲያ ደብተሩ እንደ ውኃ ወረደላት። የሁለተኛው ደብተር መጨረሻ ላይ፣ ከቁጥሮቹ ሁሉ በታች፣ አንድ ዓረፍተ ነገር ለብቻዋ ቆማ አገኘቻት፤ እዚያም ሴ ጠፍጣፋ ጣሪያ ለብሳ ነበር፤ አቃንታ አነበበቻትና በንጹሕ ወረቀት ገለበጠቻት። «ገበያን የተሸከመችው ሴት ናት።»

ባሏ ከጉባኤ ሲመለስ ወረቀቱን አየና በቀይ እስክሪብቶ ሴን ወደ ቤ ለወጣት። «ገበያን የተሸከመችው ቤት ናት።» እሷም «በኞ»ን አሳየችው፣ «በላሳ»ን አሳየችው፣ እነዚያን አንተው ራስህ አርመሃቸው የለም ወይ አለችው። ከዚያ ሁሉ ክርክር የቀረላት አንዲት መልስ ናት፤ «ሊቅ ስለ ተቋም ነው የሚጽፈው እንጂ ስለ ሴት አይጽፍም» ነበር ያላት። ቤት ተቋም ነው። ሴት ምንድን ናት? እሱን አልነገራትም። ችግሩ «ናት» የምትለዋ ነበረች፤ ቤት ናት የሚል ሰው የለምና። ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ያፍርና ይመለስ ነበር። ፕሮፌሰሩ ግን ማፈርን ወደ ምዕራፍ ቀየራት። ሊቁ ቤትን በእንስት የጠራው ለምን ይሆን ብሎ ሃያ ሁለት ገጽ ጻፈ፤ ስልሳ አንድ የግርጌ ማስታወሻ ደረደረ፤ የቤት እንስትነት የሚባል ንድፈ ሐሳብ ወለደ። መጽሐፉ «የተሸከመችው ቤት» ተባለ፤ ተሸለመ፤ ተጠቀሰ። ተማሪዎቹ በኮሪደር ሲያልፍ «ቤትናት መጣ» ይባባላሉ፤ ቢሰማም ቅር አይለውም፣ እንደ ማዕረግ ነው የቆጠረው።

እሷስ? የመጽሐፉ የመጨረሻ እርማት የገባው እሷ በምትሠራበት ማተሚያ ቤት ነው፤ ወረቀቱም የደረሰው እሷው ጠረጴዛ ላይ። እስክሪብቶዋ ከዚያች ዓረፍተ ነገር በላይ ተንጠልጥሎ ብዙ ቆየ። ልጃቸው ገና ትንሽ ናት፤ የእድገቱ ማመልከቻ ገብቷል፤ የዩኒቨርሲቲው ቤት ይሰጠን ይሆናል እየተባለ ነው። የባልሽን ገመና በአደባባይ አታውጪ ተብላ ነው ያደገችው። ገጹን አገላበጠችውና አለፈች። አራት ነጥብ እያየች ያሳለፈችው ስህተት ያ ብቻ ነው። መጽሐፉ ሲወጣ የምስጋናው ገጽ ላይ «ለባለቤቴ፣ ለትዕግሥቷ» የሚል አገኘች። ይህ ከሆነ ሃያ አራት ዓመት አልፏል።

ምሳ ላይ ደወል ተደወለ። የመጣችው የሊቁ ልጅ ናት፤ ጡረታ የወጣች ነርስ፤ ሰፈሯ ውስጥ ሁሉም ሲስተር ነው የሚላት። እግሯ ያብጣልና ሦስቱን ፎቅ የወጣችው በየደረጃው እያረፈች ነበር። ሶፋው ጠርዝ ላይ፣ እንደማይቆይ ሰው፣ ቁጭ አለች። ከፊቷ መደርደሪያው ላይ አዲስ የታተመው የመጽሐፉ ሁለተኛ እትም አምስት ቅጂ ጀርባውን ሰጥቶ ተሰልፏል፤ ከላዩ ላይ ፕሮፌሰሩ ሲሸለም የተነሳው ፎቶ አለ፤ ወንበሩ ላይ ካባው ታጥፎ ተቀምጧል። ሲስተር እናቷ ባለፈው ወር ማረፏን ተናገረች። ፕሮፌሰሩ አዘነ፤ ማዘን ይችልበታል። ሣጥኗን ሳጸዳ ይህን አገኘሁ ብላ ከፕላስቲክ ከረጢት ውስጥ አንድ የተጣጠፈ ወረቀት አወጣች። ሊቁ ለመስክ ሥራ ሄዶ ሳለ ለሚስቱ የጻፈላት ደብዳቤ ነው። አራሚዋ የሻይ ትሪ እንደያዘች ቆማ ነበርና የእጅ ጽሑፉን ከሩቅ አወቀችው፤ ያቺው ጠፍጣፋ ጣሪያ።

ፕሮፌሰሩ መነጽሩን አድርጎ አነበበ። ከዚያ መነጽሩን አወለቀ። ደብዳቤው ላይ የሰፈረው እንዲህ ነው፤ «ያቺን ዓረፍተ ነገር ለማን እንደጻፍኳት መቼም አይጠፋሽም። ገበያን የተሸከመችው ሴት ናት፤ ሴቷም አንቺ ነሽ። እኔ ቁጥሩን ደረደርኩ እንጂ፣ ከሽንኩርት ተራ እስከ ጨው ተራ እየዞርሽ የለቀምሽው አንቺ ነሽ።» ሲስተር እናቷ በየሳምንቱ ሁለት ቀን ገበያ ወጥታ ዋጋ ስትጠይቅ ትውል እንደነበር፣ እሷም በልጅነቷ የእናቷን ቀሚስ ይዛ አብራት ትዞር እንደነበር ተረከች። አባቴ ዓይን አፋር ነበር፣ ሻጭ ቀና ብሎ ማየት ያቅተው ነበር አለች። የመጣችበትን ነገርም አልደበቀችም፤ ዛሬ አዳራሹ ውስጥ ስለ እናቷ አንድ ቃል እንዲናገርላት ነው የፈለገችው። አንድ ቃል። አርባው ሳይወጣ።

ፕሮፌሰሩ ጉሮሮውን ጠረገ። ደብዳቤው ትልቅ ሰነድ መሆኑን ተናገረ። ነገር ግን ንባቡ በጥንቃቄ መታየት አለበት አለ፤ የመጀመሪያዋ ፊደል እዚህም ጠፍጣፋ ናትና «ቤቷም አንቺ ነሽ» ማለቱ ሊሆን ይችላል። ሚስትን ቤት ብሎ መጥራት እንግዳ ነገር አይደለም፤ እንዲያውም የእሱን ንድፈ ሐሳብ ያጠናክረዋል። ይህን ሲናገር ፊቱ በራ። እዚያው፣ ሻይው ሳይቀዘቅዝ፣ አዲስ ምዕራፍ ሲጸነስ ሁለቱም ሴቶች አዩት።

«እናቴ ቤት አልነበረችም ፕሮፌሰር» አለች ሲስተር ቀስ ብላ። «ሰው ነበረች።»

እሱም እንደሚረዳት፣ ዛሬ ግን መድረኩ የምሁራን መድረክ እንደሆነ፣ ሁለተኛው እትም ታትሞ ማለቁን፣ ለሦስተኛው እትም በእርግጥ እንደሚያስብበት ነገራትና ደብዳቤውን የጽሕፈት ጠረጴዛው መሳቢያ ውስጥ አኖረው። ሲስተር እጇን ዘርግታ ነበር፤ መልሳ አጠፈችው። አራሚዋ እስከ ደረጃው ሸኘቻት። ሁለተኛው ፎቅ ላይ ሲስተር ለማረፍ ቆመችና የደረጃውን ብረት እንደያዘች ጠየቀቻት።

«አንቺ ደብተሩን አንብበሽው ነበር?»

«አንብቤዋለሁ።»

«ሴት ነው የሚለው?»

«ሴት ነው የሚለው።»

«ታዲያ?»

 አራሚዋ በዚያ ሁሉ ዓመት ብዙ ሰበብ አዘጋጅታ ነበር፤ ልጅቷ፣ ቤቱ፣ ትዳሩ፣ ገመናው። ያቺ «ታዲያ» ሁሉንም አንድ ባንድ ገፈፈቻቸው። ሲስተርም መልስ የምትጠብቅ አትመስልም ነበር፤ ሰው ሲያስታምም የኖረ ሰው እንደሚያደርገው ክንዷን መታ መታ አድርጋ ወረደች። አራሚዋ ስትመለስ ባሏ ካባውን ለብሶ መስታወት ፊት ቆሟል፤ ጠርዙ ልክ ገብቷል፣ አሞገሳት። እሱ ጫማውን ሲፈልግ እሷ መሳቢያውን ከፈተች። ቁልፍ አልነበረውም። እሷ ትነካዋለች ብሎ አስቦ አያውቅም።

ልጃቸው በመኪናዋ ልትወስዳቸው መጣች፤ ባንክ ነው የምትሠራው፤ የአባቷን አፍንጫና የእናቷን ዓይን ይዛለች። እሱ ከፊት ተቀመጠ፣ እሷ ከኋላ፣ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አድርጋ። ፊትሽ ልክ አይደለም እማዬ ብትላት ሽንኩርት ነው አለቻት። ፕሮፌሰሩ ንግግሩን በለሆሳስ ይለማመዳል። ሁለተኛው መብራት ላይ ሲቆሙ ልጅቷ ዓይኗን ከመንገዱ ሳትነቅል ተናገረች።

«አባዬ፣ ጠዋት ሬዲዮ ሰማሁህ። ታይፕ የምትመታው ልጅ እማዬ አይደለችም እንዴ?»

መብራቱ ቀይ ነው። አንዲት ሴት ሁለት ጀሪካን ተሸክማ ከፊታቸው ተሻገረች። አረንጓዴ በራ።

«ግራ ያዢ» አለ ፕሮፌሰሩ።

 ልጅቷ በመስታወቱ ውስጥ እናቷን አየቻት፤ እናት ደግሞ መስኮቱን። መኪናው ሲቆም ልጅቷ ወደኋላ ዞር ብላ፣ በዓሉ እንዳይበላሽ፣ የዛሬን ተዪው በሚል ዓይን ለመነቻት። በቃል አላለችውም። እንዲህ ያለ ልመና በዚያ ቤት ሁልጊዜ በዓይን ነው የሚደረገው።

አዳራሹ ሞልቷል። ሁለተኛው ረድፍ ላይ አንድ ወንበር ወረቀት ተለጥፎበታል፤ «የክቡር ፕሮፌሰር ባለቤት» ይላል። አራሚዋ ወረቀቱን ነቅላ ተቀመጠች፤ ልማድ ሆኖባት ፊደሉን አየችው፣ ስህተት የለበትም። ትምህርት ቤት ሳለች ያስተማሯት ሰዋስው ትዝ አላት። ባለቤት ድርጊቱን የፈጸመው ነው፤ ተሳቢ ድርጊቱ የሚያርፍበት ነው። ወረቀቱ ባለቤት ይላታል፤ እሷ ግን ሰላሳ ሁለት ዓመት የኖረችው ተሳቢ ሆና ነው፤ በሰዋስውም፣ በከባድ መኪናም። የሊቁም ሚስት እንዲሁ። ከገዛ ዓረፍተ ነገሯ ተባርራ ቤት አስገቡባት። ዞር ብላ ስታይ ሲስተር በመጨረሻው ረድፍ፣ በሩ አጠገብ፣ እግሯን ዘርግታ ተቀምጣለች። የጠዋቷ ጋዜጠኛ ከጎን በኩል መቅረጫዋን ይዛ ቆማለች።

ዲኑ ተናገረ፤ የዲኑ ምክትል የዲኑን ንግግር አመሰገነ። አንድ የቀድሞ ተማሪ ፕሮፌሰሩ ባይኖር ሊቁ ባልኖረ ነበር አለ፤ ሊቁ እሱ ሳይወለድ ሥራ መጀመሩን ያስታወሰ የለም። ከዚያ ፕሮፌሰሩ ካባውን እየጎተተ ሳይሆን በልኩ ለብሶ ወደ መድረኩ ወጣ። ስለ ብቸኝነቱ ተናገረ፤ ምሁር ከደብተርና ከመብራት በቀር ጓደኛ እንደሌለው፣ ያን ሁሉ ወር ጠረጴዛው ላይ አጎንብሶ ፊደል በፊደል ሲታገል እንደኖረ። የወጥ ቤቱን ጠረጴዛ ግን አልጠቀሰም። መጨረሻ ላይ እጁን አንስቶ «ገበያን የተሸከመችው...» ሲል አዳራሹ በአንድ ድምፅ «ቤት ናት!» ብሎ ሞላለት፤ ጭብጨባው ጣሪያውን ነካ። አራሚዋ አላጨበጨበችም፤ ቦርሳዋን ይዛ ነበር። መድረክ መሪው ለሁለት ሦስት ጥያቄ የሚሆን ጊዜ እንዳለ አስታወቀ። አንድ ወጣት ጥያቄ አስመስሎ አሞገሰ። ከዚያ እሷ እጇን አነሳች። መድረክ መሪው አያት፤ ፈገግ አለና የጠማት መስሎት የታሸገ ውኃ ላከላት። ውኃውን ወንበሩ ላይ አስቀምጣ ተነሳች። ያን ጊዜ ማይክራፎኑን ከማምጣት ሌላ ምርጫ አልነበረውም።

«አመሰግናለሁ» አለች። «አራሚ ነኝ፤ ጥያቄዬም የፊደል ነው። ክቡር ፕሮፌሰር፣ በመጽሐፍዎ ውስጥ ሰኞ የሚለው ቃል አርባ አንድ ጊዜ አለ። በሊቁ ደብተር ላይ አርባ አንዱም በኞ ነው የሚለው። አርባ አንድ ጊዜ በን ሰ ብለው በትክክል አንብበዋል። ሴት የምትለዋ ላይ ሲደርሱ ምን አገኘዎት?»

መጀመሪያ ሳቅ ተነሳ፤ ባለቤቱ መሆኗን የሚያውቁ ለማያውቁት በሹክሹክታ ነገሩ። ፕሮፌሰሩም ሳቀ፤ እጆቹን ዘረጋ። ጥሩ ጥያቄ እንደሆነ፣ ባለቤቱ ከወጥ ቤት የጀመረችውን ክርክር እዚህ ድረስ ይዛው እንደመጣች፣ ለሦስተኛው እትም እንደሚመለከተው ተናገረ። አዳራሹ እንደገና ሳቀለት። እሷ ሳቁ እስኪያልቅ ጠበቀች። ከቦርሳዋ ደብዳቤውን አወጣች፣ መነጽሯን አደረገች፣ አነበበችው። ሳትቸኩል፣ እንደ እርማት ንባብ፣ ነጥቡንም ሰረዙንም ሳትዘል። «ሴቷም አንቺ ነሽ» የሚለው ላይ ከመጨረሻው ረድፍ አንድ ወንበር ተንቋቋ፤ ሲስተር እግሯ እያመማት ተነስታ ቆማለች። አሁን የሚስቅ አልነበረም። መሐል ላይ የተቀመጠ አንድ ሽማግሌ መምህር አዲሱን እትም ገልጦ ምዕራፉን ፈለገ፤ ከጎኑ ያለውም ገለጠ፤ የገጽ መገለጥ ድምፅ እንደ ዝናብ አዳራሹን አዳረሰው።

«ሃያ አራት ዓመት እያየሁ ያሳለፍኩት እኔ ነኝ» አለች። «የእኔን ጥፋት ይኸው ቆሜ አምኛለሁ። ባለቤት ማለት ድርጊቱን የፈጸመ ነው ተብለን ነው የተማርነው። ይንገሩን፤ የዚህ ዓረፍተ ነገር ባለቤት ማናት?»

ፕሮፌሰሩ መድረክ መሪውን አየ። መድረክ መሪው ሰዓቱን አየና፣ ጊዜያችን አልቋል፣ ሻይ ተዘጋጅቷል ብሎ ጀመረ። ልጃቸው ከዚያው ረድፍ ጫፍ ተነሳች። አራሚዋ ልጇ ልትጎትታት የመጣች መስሏት ክንዷን ሰበሰበች፤ ልጅቷ ግን አጠገቧ መጥታ ቆመች፣ ማይክራፎኑን ሊቀበል የመጣውን ሰው በዓይኗ አቆመችው። እናት ይህን አይታ ወደ መድረኩ ዞረች። ክቡሩንም እርስዎውንም ተወችው።

«እሺ፣ ይሄ ከከበደህ ቀላሉን ልጠይቅህ። ሊቅነት አይጠይቅም። ዛሬ ጠዋት በሬዲዮ፣ ታይፕ ትመታልኝ ነበር፣ ስሟም ጠፍቶኛል ያልካት ልጅ አለች። ጋዜጠኛዋ ይቻትና፣ መቅረጫዋም በርቷል። ሰው ሁሉ እየሰማ፣ በያዝከው ማይክ ተናገር፤ ስሟ ማን ነበር?»